እማሆይ አትጠገብና ቁራኛቸው

«ተረት ተረት።»
«የላም በረት፣ ጆሯችን ክፍት።»

በድሮ ዘመን ባዘዘው የሚባል ገበሬ ነበረ። ማሳው ሰፊ ነበር። ሰፊ ማሳ ያለው ሰው መቼም ችግረኛ ነው፣ መሬት አይበቃውም። ጎረቤቱ እማሆይ አትጠገብ ነበሩ፤ ባላቸው ሲሞት ቆብ የደፉ መነኩሲት። የእሳቸው ማሳ ትንሽ ናት፤ ዓመቱን የሚቀምሱት ከእሷ ነው። ባዘዘው ታዲያ በየዓመቱ ሲያርስ አንድ ትልም ወደ እሳቸው ይገፋል። ጎረቤት ሁሉ ያያል። የጎረቤት ዓይን መቼም ጤነኛ ነው፤ የሚያመው አፉን ነው።

በሦስተኛው ዓመት እማሆይ ዳኛ ከሚያስችልበት ዋርካ ሥር ከሰሱት። ጎረቤት ለምስክርነት ቢጠራ አላየንም አለ። ዳኛውም ከክረምት በኋላ ወርጄ ድንበሩን በዓይኔ ሳላይ አልፈርድም አለና ባዘዘውን እንዲህ አለው፦
«እስክፈርድ ድረስ ያችን ሦስት ትልም እንዳታርስ። ካረስህ የእማሆይ ቁራኛ ትሆናለህ።»

ቁራኛ ማለት ከከሳሽ ጋር በልብስ ጫፍ ተቋጥሮ፣ ዳኛ ፊት እስኪቆሙ አብሮ መዋል ነው። ቋጠሮውን የፈታ ተሸነፈ ማለት ነው። ባዘዘውም እሺ ብሎ ማለ።

ሐምሌ ገባና ችሎት ተዘጋ። ዳኛውም ወንዙ ሳይሞላ ወደ አገሩ ሄደ። ባዘዘው የራሱን ጤፍ ዘርቶ ሲጨርስ በሬዎቹን ወደዚያች ቁራሽ አዞረ። ሚስቱ ስንዱ ተው ብትለው፣ ዳኛው ከወንዝ ማዶ ነው ብሎ ሦስቱን ትልም አርሶ ዘራ። እውነቱን ነው፣ ዳኛው ማዶ ነበር። እማሆይ ግን ማዶ አልነበሩም።

በማግስቱ ሽማግሌ አስከትለው መጡና የጋቢውን ጫፍ ከነጠላቸው ጫፍ አስቋጠሩት። ባዘዘው ሳቀ። እስከ መቼ ነው ቢላቸው፦
«ችሎት እስኪከፈት ነው፣ ልጄ። መስከረም ሩቅ አይደለም» አሉት።

ከዚያማ ምን ልበላችሁ፣ ባዘዘው ጻድቅ ሆነ። ዶሮ ሲጮህ ኪዳን ቆመ። ፍልሰታን በሽምብራ ጾመ። ጠላ ቤት ደጃፍ ሲደርሱ እማሆይ ጉልበታቸው ይበረታና ይፈጥናሉ። ማታ ቋጠሮው በጠፍር ይረዝምና እሳቸው ከጎጆ፣ እሱ ከበረት ይተኛሉ።

ከዚያም የሁለቱም ጤፍ አረም በዛበት። እማሆይ ወደ ማሳቸው ሲወርዱ ባዘዘውም ይወርዳል። ቆሞ ማየት ያሳፍረውና ያርማል። ያችንም ሦስት ትልም ጥርት አድርጎ አረመ። ወደ እኔም ማሳ እንሂድ ብሎ ቢለምናቸው፣ የሰው መሬት አልረግጥም አሉት። ስንዱ ብቻዋን አንዱን ጥግ ስታርም ሌላውን ጥግ አረም ይውጠዋል። መጥታ ፍታውና ና አለችው። እሱ ግን፦
«ብፈታው ሦስቱ ትልም ሊቀርብኝ አይደለም?» አላት።

መስከረም ጠባና ዳኛው መጣ። ቋጠሮውን ሲያይ ድንበሩን ለማየት እንኳ አልወረደም። የታዘዘውን የጣሰ ተረትቷል፣ ቡቃያውም ለእማሆይ ነው ብሎ ፈረደ። እማሆይም ቋጠሮውን በገዛ እጃቸው ፈተው፣ ስላረመላቸው መርቀው ሸኙት።

ባዘዘው ሁሉን ትቶ ወደ ማሳው ሮጠ። ማሳው ጫካ ሆኗል። ስንዱ ዳር ቆማ፦
«እንኳን ደህና መጣህ። እስከዚያ ማዶ የምታየው አረም ሁሉ ያንተ ነው፤ ማንም አይከስህም» አለችው።

ተረቴን መልሱ፣ ዳቦ ያላችሁ አፌን አብሱ። ዳቦ የሌላችሁም አትፈሩ፣ ቆሎ አልጠላም።