የእማማ ዳማ መንገድ

ተረት ተረት! ኑ ጠጋ በሉ፣ ያኮረፈም ይምጣ!

በድሮ ጊዜ እማማ ዳማ የሚባሉ አሮጊት በቅሎ ነበሩ። አንድ ክረምት ወደ ምንጩ የሚወስደው መንገድ ተንዶ ገደል ገባ፤ ቀልጣፋዋ ፍየልም በሌላ በኩል አዲስ መንገድ አገኘች። እማማ ዳማ ይህን ሲሰሙ ጆሯቸው ቆመ።

«ልጄ፣ እግሬ ሳይከዳኝ አዲሱን መንገድ አስተምሪኝ።»

«በሞቴ ይቀመጡ! እኛ እያለን?» አለች ፍየሏ።

ትሁቱ አህያ «አፈር ስሆን አይነሡ፤ ውሃውን እኔ በቅል አመጣልዎታለሁ» አለ።

ሰነፉ በሬ ከተኛበት «በዚህ ዕድሜ ደግሞ ምን ትምህርት አማረዎት?» ብሎ ሳቀ።

አህያው እውነትም ያመጣላቸው ነበር። እሳቸውም በጠጡ ቁጥር «እግዜር ይስጥልኝ፤ መንገዱንስ?» ይላሉ። መልሱ ያው «በሞቴ ይቀመጡ» ነው።

በጋ ገባ፤ ሣሩ ሲደርቅ ከእማማ ዳማ በቀር ሁሉም ምንጩ ዳር ሄዶ ሰፈረ። ፍየሏ አህያው ያጠጣቸዋል አለች፣ አህያውም በሬው አብሯቸው ይቀራል ብሎ አሰበ፣ በሬውማ ምኑንም አላሰበ። እማማ ዳማ ጠበቁ፣ ጠበቁ። ምላሳቸው እንደ ቁርበት ሲደርቅ ተነሥተው እግራቸው በሚያውቀው በአሮጌው መንገድ ሄዱ። ከተናደው አፋፍ ሲደርሱ ውሃው ከገደሉ ሥር ይሰማል። እነ ፍየል ከማዶ አዩዋቸውና በአንድ ድምፅ ጮኹ፤

«ውይ እማማ! በሞቴ፣ በሞቴ ይቀመጡ!»

እማማ ዳማ በሞቴ ተብለው እምቢ ብለው አያውቁም። ተቀመጡ። እንደተቀመጡም ቀሩ።

ተረቴም አለቀ፤ ኧረ አንዳችሁ ውሃ አቀብሉኝ!