የይታክቱ ጭኮ

ተረት ተረት!

— ላሚቱም ገባች በረት!

ገባች? እንግዲያስ በሩን ዝጉና ተቀመጡ። አንቺ ጥግ ያለሽው፣ ማዛጋቱን ተዪው። ይሄ ተረት ኩሩ ሰው ይነካል። እኔንም ይነካኛል፤ አልዋሽም።

በድሮ ዘመን ሁለት እህትማማቾች ነበሩ። ታላቂቱ ይታክቱ፣ ታናሺቱ ወርቅያንሱ ይባላሉ። እናታቸው ሞተችና ይታክቱ ታናሿን አዝላ፣ ሰው ቤት እየፈጨች አሳደገቻት። ከዚያም ወርቅያንሱ ባለጸጋ አገባች። ይታክቱ በዚያችው ጎጆ ቀረች።

ወርቅያንሱ ልጅ ወለደችና ክርስትና ደገሰች። ይታክቱም ሰማች። በእናቷ ሙያ ገብሱን ቆላች፣ ፈጨች፣ በቅቤና በማር ለወሰች። ሦስት ድቡልቡል ጭኮ ሠራችና በሙዳይ ያዘች። ከንጋት እስከ ቀትር በእግሯ ሄደች።

ዳሱ በር ላይ ደረሰች። ቀሚሷ የተጣፈ፣ እግሯ አቧራ ብቻ። ከወይዛዝርቱ አንዷ፦ «ይቺ ደግሞ ማን ናት?» አለች። ወርቅያንሱም፦ «ድሮ ቤታችን ትፈጭ የነበረች ናት» አለች። አያችሁልኝ? አዝላ ያሳደገቻትን!

ይታክቱ ይሄን ሰማች። ከጭኮው ቆንጥራ ቀመሰች። ምግብ የሚሰጥ ሰው ቀምሶ ነው የሚሰጥ፤ ይሄን እንኳ ታውቃላችሁ። ከዚያም፦ «የእናትሽ ሙያ ነው። አዋዋልሽ የቆጨሽ ለት ብዪው» አለችና ሙዳዩን አኑራ ሄደች።

እንግዳው ሲበተን ወርቅያንሱን እፍረት ያዛት። ሙዳዩን ከፈተችና አንዱን ጭኮ በላች። ዶሮ ጮኸ! ብትወጣ ንጋት ነው። የታረደው በሬ ቆሞ ያመሰኳል። ያው ቀን ተመልሶ መጥቷል።

እሷም፦ «እሰይ! የሰማም የለ፣ የሚያስታውስም የለ» አለች።

ቀትር ላይ ይታክቱ መጣች። ሙዳዩ ውስጥ ሁለት ጭኮ ቀርቷል። ወርቅያንሱ ሮጣ ተቀበለቻት። በጓሮ በር አስገብታ ማጀት አስቀመጠቻትና፦ «እቴቴ፣ እዚህ ይሻልሻል። ዳሱ ንፋስ አለው» አለቻት። ንፋስ ትላለች ደግሞ! ያን ሁሉ ሜዳ በንፋስ አይደል የመጣችው?

ይታክቱ ከድስት ጋር ዋለች። ማምሻውን ጭኮውን ቆንጥራ ቀምሳ ሰጠቻትና ሄደች። ወርቅያንሱን ያው እፍረት ያዛት። ሁለተኛውንም በላች። ዶሮ ጮኸ። በሬው ያመሰኳል።

ለሦስተኛ ጊዜ ሲነጋ እስከ አጥሩ ድረስ ወጥታ ጠበቀቻት። እጇን ይዛ በወይዛዝርቱ መሐል አስቀመጠቻትና፦ «እህቴ ናት! አዝላ ያሳደገችኝ ይቺ ናት!» አለች። ሴቶቹ እልል አሉ። ወርቅያንሱም ነጻሁ ብላ ደስ አላት። ጠቅልላ ልታጎርሳት እጇን ዘረጋች።

ይታክቱ አልጎረሰችም። ወደ ጆሮዋ ጠጋ ብላ፦ «ቆዪ እስቲ እቱ፤ እግሬ ዝሏል። ሦስተኛዬ እኮ ነው» አለቻት።

የወርቅያንሱ እጅ እንደተዘረጋ ቀረ። «ምኑ?» አለች።

ይታክቱም፦ «ይሄ መንገድ። አንዴ ፈጪ ሆኜ ተመለስኩ። አንዴ ከማጀት ተመለስኩ። ሳልቀምስ እሰጥሻለሁ እንዴ? የቀመሰ ሁሉ ያስታውሳል» አለቻት።

«ታዲያ እያወቅሽ ነው የመጣሽው?»

«ምናልባት ዛሬ እህትሽ እሆናለሁ ብዬ ነዋ።»

ከዚያም ሙዳዩን ከፈተች። አንድ ጭኮ ቀርቷል። «ይኸው። ካሻሽ ብዪና እንደገና አስመጪኝ» አለቻት።

ወርቅያንሱ መሬት ተከፍታ ብትውጣት በወደደች። ጭኮውን ግን አልነካችም። ተነሣችና በገበቴ ውሃ አመጣች። በዚያ የሐር ቀሚሷ ተንበርክካ የእህቷን እግር አጠበች። ደፋችና ደግማ ቀዳች፣ አጠበች። ደፋችና ሦስተኛ ቀዳች።

ወይዛዝርቱም፦ «ኧረ ጠራ እኮ! አንዴ አይበቃም?» ብለው ሳቁ።

እሷም ቀና ሳትል፦ «ይቺ ቀን ሦስት ጊዜ ነግታለች። መጀመሪያ ‹ቤታችን ትፈጭ የነበረች ናት› ብያችኋለሁ። ቀጥሎ ማጀት ደብቄያታለሁ። እናንተ አታስታውሱም። እኔና እሷ እናስታውሳለን» አለች።

ይታክቱም የታናሿን ራስ ዳበሰችና፦ «በይ አሁን አጉርሺኝ። ርቦኛል» አለች።

ያቺ የቀረችው ጭኮ የት ገባች ትሉኛላችሁ። እኔ ምን አውቄ! ባገኛት የምመልሳት አንዲት ቀን አለችኝ። የትኛዋ እንደሆነች አልነግራችሁም።

ተረቴ አለቀ፣ አፌም ደረቀ። ዳቦ ቁረሱና አጉርሱኝ። መጀመሪያ ግን ቅመሱት!