ባሰባት አቀበት

ከወንዙ ማዶ ያለውን ረጅም አቀበት ያገሩ ሰው «ባሰባት» ይለዋል። የሙሽራ አጃቢ በዚያ አያልፍም፤ መንገዱ ግማሽ ቀን ቢረዝምበትም በቆላው ዞሮ ይሄዳል። ለምን እንደሆነ ሲጠየቁ ሽማግሌዎቹ ወጌሻ እንግዳየሁን ያነሣሉ።

እንደሚነገረው እንግዳየሁ የተሰበረ አጥንት በመዳፉ ዳብሶ የሚያውቅ፣ እሱ ያሰረው እጅና እግር ተጣሞ የማያውቅ ሰው ነበር። በአንድ ጥቅምት ታዲያ፣ አንድ ያለችው ልጁ የሻረግ ማሽላ ከወፍ ስትጠብቅ ከማማ ላይ ወድቃ ክንዷ ተሰበረ። ሠርጓ ለጥር ተቆርጦ ነበርና አባት «ቢጣመምባትስ» ብሎ ፈራ፤ በቀርከሃ ስንጥር ደግፎ፣ ለሌላ ሰው ከሚያስረው ይልቅ አጥብቆ አሰራት። መውደድም ልክ ሲያጣ እንዲህ ነው።

በማግስቱ እናቲቱ ውድነሽ የልጇ ጣቶች ማበጣቸውን አይታ፣ «አንተ ሰው፣ ኧረ በፈጠረህ ላላ አድርግላት!» ብትለው፣ «ሥራዬን ልታስተምሪኝ ነው? ካልጠበቀ አይጠግንም» ብሎ አፏን አስያዛት። ልጅቱንም «አመመሽ እንዴ?» ቢላት፣ «ኧረ ደህና ነኝ አባዬ» አለችው፤ እሱም መስማት የፈለገው ይህንኑ ነበርና አመናት። በሦስተኛው ቀን ጣቶቿ ሲጠቁሩ ግን ማሰሪያውን በጥርሱ ጭምር እየቀደደ ፈታው። «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ማለት ይኸው ነው።

ጠበል ትድረስ ብለው በቃሬዛ ተሸክመዋት አቀበቱን ሲወጡ፣ ከገበያ የሚመለሰው ሁሉ «እንዴት ናት?» ይላል፤ እንግዳየሁም ከቃሬዛው ሥር ቀና ሳይል «ባሰባት» ይላል። ከፍ ባሉ ቁጥር መልሱ ያው ነበር ይባላል። ከአናቱ ሲደርሱ የሻረግ ውሃ ለመነች፤ እስኪቀዳላትም፣ «አባዬ፣ መጀመሪያውኑ አሞኝ ነበር። ሰው እንዳያማህ ብዬ ነው ዝም ያልኩት» አለችው። ውሃውን ሳትቀምሰው አረፈች።

እንግዳየሁ ከዚያ ወዲያ ብዙ ዓመት ስብራት አልነካም። ኋላ ግን ልጇ የተሰበረባት አንዲት ጎረቤት ደጁ ላይ ወድቃ ብታለቅስበት እምቢ ማለት አቃተው። አስሮ ሲጨርስ የቋጠሮውን ጫፍ እጇ ላይ አድርጎ፣ «ጣቱን እያየሽ ፍቺው። ልጁንም አትጠይቂው፣ እኔንም አትጠይቂኝ» አላት ይባላል።

ዛሬም በዚያ አገር ወጌሻ የቱንም ያህል ስመ ጥር ቢሆን፣ የቋጠሮውን ጫፍ ለእናት ሳያስይዝ ከቤት አይወጣም። ለውድነሽ ግን ያን ጫፍ ያስያዛት አልነበረም።