ካፒታኖው የዘጋቸው መንገዶች

ድም! አለ።

ገደሉ ተቀበለውና ድም፣ ድም፣ ድም እያለ ወደ ቆላው ይዞት ወረደ። በጎሽ በር ገና ጉሙ አልተገለጠም፤ ምን እንደፈነዳ ያየ ሰው የለም። ውሾች ጮኹ፣ በረት ያለው ከብት ተረበሸ፣ ሴቶቹ «ኧረ በማርያም!» እያሉ ወጡ። ጓንጉል ይመር ብቻ ደጃፉ ላይ ቆሞ ዓይኑን ጨፈነ። የፈነዳችው አባቱ በመዶሻ የጠረቧት፣ የዝንጀሮ መሰላል የምትባለው ቁልቁለት ናት። ለጣሊያኑ ያሳየውም እሱ ራሱ ነው።

የጎሽ በር ሰው ጎረቤቱን መተላለፊያ የሚከለክል ምቀኛ ሲያይ አንዲት አባባል ጣል ያደርጋል። ሰሚው ይስቃል፤ ተናጋሪውም ይስቃል። ከየት እንደመጣች ግን ብዙው አያውቅም። የመጣችው ከዚያ ማለዳ ፍንዳታ ነው።

ጎሽ በር ደጋው አልቆ ቆላው የሚጀምርበት አፋፍ ነው። ጓንጉልና አባቶቹ ጨው ጫኞችን በእግር መንገዶቹ እያወጡና እያወረዱ የኖሩ መንገድ መሪዎች ናቸው። ጣሊያን ሲመጣ ገደሉን ሰንጥቆ፣ እንደ እባብ የሚጥመዘመዝ ሰፊ የጦር መንገድ አወጣ። ኩርባው ሁሉ በድንጋይ ግንብ ታጠረ። ድንጋዩን የተሸከመው ያገሩ ሰው ነው፤ ከገደሉ ተንከባሎ የቀረውም ያገሩ ሰው ነው። ሲያልቅ ግን አፋፉ ላይ ኬላ ቆመና «ባላገር አይለፍ፣ የበቅሎ ኮቴ መንገዱን ያበላሻል» ተባለ። በሚታወቁት የእግር መንገዶች ላይም ዘብ ተቀመጠ።

ጓንጉል ይህን ሁሉ ችሎ ነበር። ያልቻለው የልጁን ነገር ነው። አጀቡሽ ቆላ ተድራ የመጀመሪያዋን አርግዛለች። የመጀመሪያ ልጅ ደግሞ የሚወለደው በእናት ቤት ነው። እናቷ ጥሩአየነት ቅቤውን አንጥራ፣ የገንፎውን እህል አዘጋጅታ፣ መኝታዋን ሳይቀር አንጥፋ ትጠብቃለች። ቀኑ እየገፋ ሲሄድ ጓንጉል ነጠላውን አደግድጎ ኬላ ሄደ።

«ልጄ ደርሳለች፣ ጌታዬ። በበቅሎ ሆና በዚህ መንገድ ትምጣልኝ። ሌላ የምለምነው የለኝም።»

የኬላው አዛዥ፣ ጣሊያኑ ካፒታኖ፣ አማርኛውን እየሰባበረ፣ «መንገድ ለካሚዮን። በቅሎ የለም» አለው።

«እንግዲያው በሰው ትከሻ ትምጣ።»

ካፒታኖው ፈገግ አለ። «አንተ መንገድ ሁሉ ታውቃለህ። ሽፍታ ጥይት በየት ያወጣል? አሳየኝ፤ እኔ እዘጋለሁ። ሁሉ ሲያልቅ ልጅህ በእኔ መንገድ ትመጣለች። እንደ ንግሥት!»

ጓንጉል ከኬላው ተመለሰ። ቤቱ ግን አልገባም። አርበኞቹ ወዳሉበት የጥድ ጫካ ዘለቀና ለአለቃቸው ለግራዝማች መሸሻ የሆነውን ሁሉ ተናገረ። በጥይት እንዳይሉት ፈርቶ ነበር። ግራዝማች ግን እንባቸው እስኪፈስ ሳቁ።

«አሳየዋ!»

«ምን አሉ፣ ጌታዬ?»

«ሁሉንም አሳየው እንጂ! የፍየሏንም፣ የዝንጀሮዋንም፣ አንድም እንዳታስቀር። ጥይቱን ሁሉ አውጥተን ጨርሰናል። ከእንግዲህ እነዚያ መንገዶች የሚጠቅሙት ለሚሸሽ ነው። ጣሊያን በየግንባሩ እየተሸነፈ ነው፤ ይሄም ነገ ከነገ ወዲያ ወደ ቆላ መሸሹ አይቀርም። በእግር መንገዱ ከተበተነብኝ የት አገኘዋለሁ? በራሱ እጅ ይዝጋልኝ። የሚቀረው የራሱ ሰፊ መንገድ ብቻ ነው፤ እሱ ላይ እኔ እቀመጥበታለሁ።»

«ሰዉስ? ባንዳ ሊለኝ ነው።»

«ይበልሃ! ስድብ ጀርባ አይገጥብ። ብቻ ለማንም ትንፍሽ እንዳትል፤ ለሚስትህም ቢሆን።»

ፍንዳታው እንዲህ ተጀመረ። ጓንጉል እየመራ፣ ወታደሮቹ ድማሚት እየቀበሩ፣ ገደሉ በየማለዳው ይናዳል። እዚህች ቋጥኝ ሥር ከአባቱ ጋር ዝናብ ተጠልሏል፤ እዚያች መታጠፊያ ላይ አህያ ገደል ገብታበት አልቅሷል። ድም! ትላለች፤ አቧራ ትሆናለች።

ሰፈሩ ጀርባውን ሰጠው። የመንደሩ አዋላጅ እማማ ዘርፌማ ባዩት ቁጥር አይምሩትም።

«ጓንጉል፣ ዛሬ ደግሞ የትኛዋን ሸጥክ? የቀረች ካለች ንገረኝ እባክህ፣ ሳትፈነዳ ወርጄ ልሰናበታት!»

ጥሩአየነት አትሳደብም። እራቱን ታቀርብና ፊቷን ወደ ግድግዳ ትመልሳለች። አንድ ቀን ብቻ፣ «ልጄን ያመጣህ መስሎህ ነው?» አለችው። ሊነግራት አፉ ድረስ መጣ፤ ዋጠው።

የመጨረሻዋ የፍየል መንገድ በተዘጋች ቀን ኬላ ሄደ። ካፒታኖው «ነገ» አለው። በማግስቱም «ነገ» አለው። በሌላው ቀን ወታደሮቹ እየሰሙ ሳቀበት።

«መንገድ ለወታደር ነው አልኩህ! ልጅህ እዚያው ትውለድ። ድንጋይ ላይም ይወለዳል።»

ጓንጉል እጅ ነስቶ ወጣ። ያን ለት ወደ ጥዱ እየሮጠ ነው የሄደው ይባላል።

ብዙም አልቆየ፣ ካፒታኖውን የበላዮቹ ጠቅልለህ ውረድ አሉት። ጎህ ሲቀድ ካሚዮኖቹ ተጭነው እያጓሩ ቁልቁል ተያያዙት። ትልቁ ኩርባ ላይ ሲደርሱ ግንቡ በጥይት ተናገረ። ያ ካፒታኖው ያስገነባው፣ ጥይት የማይበሳው ግንብ! ግራዝማች መሸሻ ከነሰዎቻቸው ከኋላው ተኝተው ነበር። የፊተኛው ካሚዮን መንገዱ ላይ ተጋደመ፤ የቀሩት ወደ ኋላ እየተገፋፉ አፋፉ ላይ ወዳለው ካምፓቸው ተመለሱ።

ፀሐይ አናት ላይ ስትደርስ ካፒታኖው ባርኔጣውን ጥሎ፣ አቧራ ለብሶ፣ ጓንጉል ደጃፍ ቆመ። ሰፈሩ ሁሉ ግልብጥ ብሎ መጣ።

«ጓንጉል! መንገድ። የእግር መንገድ። ትንሽ!»

«የዝንጀሮ መሰላል ነበረች፣ ጌታዬ።»

«እሺ! እሷ! ውሰደኝ!»

«አፈረሷት።»

«በወንዙ በኩልስ? ጠባቧ?»

«እሷንም። ቋጥኙን ራስዎ ቆመው አስናዱባት።»

«የፍየሏ?»

«የፍየሏ ላይ ፍየልም አትወጣም።»

ካፒታኖው የጓንጉልን ነጠላ ጨምድዶ ያዘ። «አንድ ደብቀሃል። ሰው ሁሉ አንድ ይደብቃል!»

ጓንጉል እጁን ቀስ አድርጎ ከነጠላው አላቀቀው።

«ደብቄ ቢሆንማ፣ ጌታዬ፣ ልጄ ትመጣበት ነበር።»

የወጥመዱ ነገር መጀመሪያ የገባቸው እማማ ዘርፌ ናቸው፤ እጃቸውን አፋቸው ላይ ጫኑ። ጥሩአየነት ባሏን እንደ አዲስ አየችው። ከዚያ አሮጊቷ «እልልልል!» ብለው ለቀቁት፤ ሰፈሩም ተቀበላቸው።

ካምፑ ላይ ነጭ ጨርቅ ወጣ። ወታደሮቹ ጠመንጃቸውን አንድ ላይ ከመሩ። አርበኞቹም በሰፊው መንገድ መሐል ለመሐል እየፎከሩ ወጡ። ከነሱ ኋላ «ኳ፣ ኳ፣ ኳ» የሚል ድምፅ ተከተለ። ግራዝማች መሸሻ መንገዱ እንደተከፈተ መጀመሪያ ያስወጡት ጥይት አይደለም፣ ስንቅም አይደለም። አጀቡሽ ናት! በበቅሎ ላይ፣ ሆዷን በሁለት እጇ ደግፋ፣ ባሏ ከጎኗ እየሄደ፣ ከተሠራ ወዲህ ማንም ባላገር አልፎበት በማያውቀው በዚያ መንገድ ላይ ላብ በላብ ሆና ትስቃለች።

«እናቴ! ደረስኩ!»

ጥሩአየነት ሮጣ የልጇን ጉልበት አቀፈች። ጓንጉል ግን አልተነቃነቀም። ሰው የሚያየው መስሎት አንገቱን ቀና ሊያደርግ ሞከረ፤ እንባው ቀደመው። አንዱ ጎልማሳ መጥቶ ትከሻውን ሳመው። ሌላው ተከተለ። ትናንት ሲተፋበት የነበረ ሁሉ ትከሻውን ለመሳም ተሰለፈ።

ካፒታኖው በዚህ መሐል የበቅሎዋን ኮቴ ያይ ነበር። ከዚያ ሽጉጡን ከነዝናሩ ፈትቶ የጓንጉል ደጃፍ መደብ ላይ አስቀመጠ፣ ለበቅሎዋ ወደ ዳር ተጠግቶ አሳለፈና፣ ማንም ሳይነዳው ብቻውን ቁልቁለቱን ተያያዘው። አርበኞቹ እንኳ ገርሟቸው፣ ትጥቁን የፈታ ነውና፣ ሲሄድ አዩት። ለምን እንደሄደ፣ ወዴትስ እንዳሰበ፣ ለማንም አልተናገረም፤ ኩርባው ጋ ደርሶ ታጠፈ።

እማማ ዘርፌ የበቅሎዋን ልጓም እንደያዙ፣ ባዶውን ኩርባ ትንሽ አዩና እንዲህ አሉ፦ «የሰው መንገድ ያጠፋ፣ መውጫው ጠፋው!»