ቀኑ ያልደረሰለት ወረቀት

እስቲ ስሙኝ፤ የተፈለገችው አንዲት ወረቀት ብቻ ነበረች።

የአቶ ደምለው ቀብር ዘጠኝ ሰዓት ላይ ነው። ዕድሜያቸውን የሽመና ማሽን ሲጠግኑ የኖሩ ሰው ናቸው። ልጃቸው ትርንጎ የሕይወት ታሪካቸውን ትናንት በእትዬ አስካለ የኮምፒውተር ጽሕፈት ቤት አስጽፋ ነበር፤ ዛሬ ልትወስድ ስትመጣ ወረቀቱ የለም። በቃሏ እንዳትናገረው፣ «አባቴ» ስትል ድምጿ ይዘጋል። ወረቀቱ ካልወጣ አባቷ ታሪካቸው ሳይነበብ አፈር ሊለብሱ ነው።

አቶ ደምለው ክር ሲበጠስ መወርወሪያውን አይሳደቡም ነበር። ጫፉን ይዘው ወደ ኋላ ይሄዳሉ። ትርንጎም ወንበር ስባ ተቀመጠች።

ወረቀቱን ጠየቀችው። ፕሪንተሩ አላትምህም አለኝ፣ አላት።

ፕሪንተሩን ጠየቀችው። እኔ ደህና ነኝ፣ ፕሮግራሙ አላዘዘኝም፣ አላት። ፕሮግራሙ አያዝ፣ ፕሪንተሩ አያትም፣ ወረቀቱ አይወጣ።

ፕሮግራሙን ከፈተችው። ብቅ ብሎ የስህተት ሳጥን ወርውሮ ጠፋ። አጥፍታ አበራችው፤ ያው ነው። እትዬ አስካለ ያን ሳጥን ከጠዋት ጀምሮ ሳያነቡ እንደ ዝንብ ሲያባርሩት ነው የዋሉት። ትርንጎ ግን አነበበችው፤ የስህተት ጽሑፍ እኮ ስድብ አይደለም፣ አድራሻ ነው። ረዳት ፋይሉ አልነሳም ይላል። ረዳት ፋይል ማለት የድንኳን ምሰሶ በሉት፤ ከውጭ አይታይም፣ ያለ እሱ ግን ድንኳኑ አይቆምም። ፋይሉ አይነሳ፣ ፕሮግራሙ አያዝ፣ ፕሪንተሩ አያትም፣ ወረቀቱ አይወጣ።

ፋይሉን ፈለገችው፤ ቦታው ላይ ተኝቷል። የፕሮግራሙ መጠቀሚያ ፈቃድ ሳይከፍትልኝ እንዴት ልነሳ፣ አላት። ፈቃዱ አይከፍት፣ ፋይሉ አይነሳ፣ ፕሮግራሙ አያዝ፣ ፕሪንተሩ አያትም፣ ወረቀቱ አይወጣ።

ስምንት ሰዓት ሆነ። ፕሮግራሙ ከሦስት ዓመት በፊት ሲገዛ የተሰጠውን ፈቃድ ጠየቀችው። የምጀምርበት ቀን ገና አልደረሰም፣ አላት። ቀኑ አይደርስ፣ ፈቃዱ አይከፍት፣ ፋይሉ አይነሳ፣ ፕሮግራሙ አያዝ፣ ፕሪንተሩ አያትም፣ ወረቀቱ አይወጣ።

ትርንጎ የኮምፒውተሩ ስክሪን ጥግ ላይ ያለውን ቀን አየች። ሰባት ዓመት ወደ ኋላ ቆሟል።

«እትዬ አስካለ፣ ይሄን ቀን ማን ነካው?»

«እኔ ነኝ፣ ልጄ። ጠዋት መብራት ሄዶ ሲመጣ ቀኑ ጠፋ። ከወረቀቱ ግርጌ ቀኑን የሚጽፈው ማሽኑ ራሱ ነው። ደምለውን በፈረንጅ ቀን አልሸኘውም ብዬ ቀኑን ከነዓመቱ ከግድግዳው ካሌንደር ሞላሁት።»

ትርንጎ አልተቆጣችም። ማሽን የሚቆጥረው በፈረንጅ ነው፤ በእኛ ሲሞሉት ወደ ኋላ የተመለሰ ይመስለዋል። ይህንንም በቀስታ አስረዳቻቸውና ቀኑን ከነዓመቱ በፈረንጅ አስተካከለች።

ቀኑ ደረሰ፣ ፈቃዱ ከፈተ፣ ፋይሉ ተነሣ፣ ፕሮግራሙ አዘዘ፣ ፕሪንተሩ አተመ፣ ወረቀቱ ወጣ።

ግርጌው ላይ የፈረንጅ ቀን ነበር። እትዬ አስካለ እስክሪብቶ አንስተው ሰረዙት፤ ጥቅምት አሥራ ሁለት ብለው በእጃቸው ጻፉበት።

ዘጠኝ ሰዓት ላይ ታሪኩ ተነበበ። «ክር ሲበጠስ መወርወሪያውን የማይሳደቡ፣ ጫፉን ይዘው ወደ ኋላ የሚሄዱ ሰው ነበሩ» የሚለው ጋ ሲደረስ የድሮ ባልደረቦቻቸው ራሳቸውን ነቀነቁ። አፈሩ የተመለሰው ከዚያ በኋላ ነው።