ሁለት የግራ በሬዎች

ዘመኑ ሁለት ሺህ አሥራ ሰባት ዓመተ ምሕረት፣ ወሩ ሐምሌ ነው። በምንጃር ዝናቡ ሦስት ቀንና ሦስት ሌሊት ሳያባራ ወርዶ ማሳው ሁሉ ጭቃ ስለሆነ፣ በሬ ጠምዶ የወጣ ሰው አልነበረም። አቶ አበጀም እቤቱ ውሎ የተበጠሰ የቀንበር ጠፍር ይጠግን ነበር።

ልጁ ትብለጥ ከአዲስ አበባ የመጣችው በዚያ ዝናብ ነው። ትብለጥ አምስት ዓመት በአንድ የቴክኖሎጂ ድርጅት ውስጥ ኮምፒውተር ፊት ተቀምጣ፣ ደንበኞች የሚጽፉትን ቅሬታ እያነበበች መልስ ስትሰጥ ኖራለች። ከጥቂት ወራት በፊት ድርጅቱ መልሱን ራሱ የሚጽፍ ማሽን አመጣ። ሠራተኞቹንም ሰብስቦ፣ «ከእንግዲህ መልስ መጻፍ የማሽኑ ሥራ ነው። እናንተ ማሽኑን መቆጣጠርና ስሕተቱን ማረም ትማራላችሁ፤ እኛ እናሠለጥናችኋለን» አላቸው። ሥልጠናው በስልካቸው የተላከ ቪዲዮ ሆኖ ቀረ። የቀን ሥራቸው አልተቀነሰም፤ ቪዲዮውን የሚያዩት ከሥራ በኋላ የታክሲ ሰልፍ ላይ ቆመው ነው። ያልገባቸውን የሚጠይቁት ሰው አልተመደበም። በሦስተኛው ወር ፈተና መጣ። ከአሥራ ስምንቱ ሠራተኞች አሥራ አምስቱ ወደቁ፤ ትብለጥም አብራ ወደቀች።

አሁን በቦርሳዋ አንድ ወረቀት ይዛለች። «ሥልጠና ተሰጥቶኝ ራሴን ማሻሻል ስላልቻልኩ በፈቃዴ ሥራዬን ለቅቄአለሁ» ይላል። ሰኞ ፈርማ እንድትመልስ ታዝዛለች። ካልፈረመች የሥራ ልምድ ማስረጃ አይጻፍላትም ተብላለች።

ይህን ሁሉ ስትነግረው አባቷ ከጠፍሩ ቀና አላለም። መጨረሻ ላይ ጠየቀችው።

«አባዬ፣ አምስት ዓመት ያወቅሁት ሥራ በሦስት ወር ከንቱ ሆነ። አዲሱን ደግሞ አልቻልኩትም። የማልረባ ሆኜ ነው?»

አቶ አበጀ ከሦስተኛ ክፍል ያላለፈ፣ ወሬ የማይወድ ሰው ነው። በአንድ ቃል ይመልስልኛል ብላ ጠብቃ ነበር። እሱ ግን ወስፌውን መሬት ላይ አኖረና እንዲህ ብሎ ጀመረ።

አንድ ሰው ነበረ። ባለጠጋ ነው። ስምንት ዓመት ያረሰበት አንድ የግራ በሬ ነበረው። አንቺም ታውቂያለሽ፤ ወይፈን ለእርሻ ሲገራ፣ ሲቀና፣ በአንድ ጎን ነው የሚቀናው። በቀንበሩ ግራ የለመደ ግራውን ያውቃል፤ በቀኝ የለመደ ቀኙን ያውቃል። ያ በሬ ጅራፍ አርፎበት አያውቅም። ጥጉ ላይ ሲደርስ ሳይነገረው ይዞራል። የባለጠጋው ጎተራ የሞላው በዚህ በሬ ጫንቃ ነው።

የቀኝ በሬው ሲያረጅበት ባለጠጋው ገበያ ወጣ። ትከሻው ግድግዳ የሚያህል ቀይ በሬ አየና ወደደው። ጥርሱን አየ፣ ሻኛውን ዳሰሰ፣ ሰው ሁሉ ዞሮ እንዲያይለት በመንደሩ መሐል እየነዳ አስገባው። በየትኛው ጎን እንደቀና ግን አልጠየቀም። በሬ ሊገዛ ወጥቶ ይህን ሳይጠይቅ የሚመለስ ገበሬ የለም። የእሱ ዓይን ሻኛው ላይ ቀርቶ ነበር። ወስዶ ቢጠምደው ቀዩም የግራ በሬ ሆኖ ተገኘ።

ተሳስቻለሁ ብሎ ሊመልሰው ይችል ነበር። ጎረቤት ይስቅብኛል ብሎ አፈረ። ስለዚህ «ግራውን ቀዩ ይያዝ። ነባሩ የግራ በሬ ቀኙን ይማር» አለ። በየደረሰበትም «በሬዬን አዲስ ነገር እያስተማርኩት ነው» እያለ ያወራ ጀመር።

እንዴት አስተማረው? በመጋቢት፣ ጠብታ ዝናብ ባልነካው፣ እንደ ድንጋይ በደረቀ ዋልካ አፈር ላይ ጠመደው። ከጠዋት እስከ ማታ፣ የወትሮውን ያህል መሬት እንዲያርስለት ነው። ቀዩም ለማሳው እንግዳ ስለሆነ አንዱ ለአንዱ መንገድ አያሳይም። ነባሩ በሬ ስምንት ዓመት የለመደውን ይዞ ወደ ግራ ይስባል፤ ቀንበሩ ይጣመማል፤ ጅራፉ ይወርዳል። የሚገረፍበትን ነገር እኮ ያስለመደው ያው የሚገርፈው ሰው ነው! ሦስት ቀን እንዲህ አደረገው። በአራተኛው ቀን በሬው ጫንቃው ቆስሎ ፈሩ ላይ ተኛ።

ባለጠጋው እርፉን ጣለና፣ «አስተማርኩት፣ እምቢ አለ። የማይማር በሬ ጭድ ለምን ይፈጃል?» አለ። ለፋሲካ እንዲታረድ ለሥጋ ነጋዴ ሸጠው።

ትብለጥ እዚህ ላይ አቋረጠችው።

«ቪዲዮ አልላከለትም እንዴ?»

አባቷ አልሳቀም። «ቢልክለትም ጅራፉ አይቀርለትም» አለና ቀጠለ።

በዚያው መንደር አንድ ድሃ ገበሬ ነበረ። ያለው አንድ የግራ በሬ ብቻ ነው፤ ቀኝ የለውም። ያንን የቆሰለ በሬ ከነጋዴው ላይ ገዝቶ እቤቱ ሲያስገባው ሰው ሳቀበት። «ምነው አያ፣ አንተ የጎደለህ ቢላዋ ነው እንጂ በሬማ አገኘህ» አሉት።

መጀመሪያ ቁስሉን በቅቤ አሸለት። ሁለት ሳምንት ድርቆሽና አተላ እያበላ አሳረፈው። ከዚያ የራሱን በሬ በግራ፣ ይህንን በቀኝ አድርጎ ቀንበር ብቻ አሸከማቸውና ያለ ሞፈር ደጅ ላይ ወዲያ ወዲህ አላቸው። የራሱ በሬ ረጋ ያለ ነው፤ ይኸኛው ሲደናገር ቆሞ ይጠብቀዋል። ትንሽ ሲለምድ ቀላል ግንድ አስጎተታቸው። የበልግ ዝናብ ሲጥል ለስላሳውን የጓሮ መሬት መረጠለት፤ ረፋዱ ላይም ይፈታዋል። ሲሳሳት አንገቱን ይዞ ይመልሰዋል። በዚህ ሁሉ የራሱ እርሻ ዘገየ። ጎረቤቶቹ መሬታቸውን ሁለተኛ ጊዜ ሲያገላብጡ እሱ ገና አንደኛውን አልጨረሰም፤ ሚስቱም ተቆጥታዋለች። በሰኔ ግን በሬው በቀኝ በኩል አረሰ። ጥጉ ላይ ሲደርስ ሳይነገረው ዞረ።

ባለጠጋው ይህን ሰምቶ ማሳው ዳር መጣ። ቆሞ ሲያይ ቆየና፣ «አየህ፣ ማስተማሩን የጀመርኩለት እኔ ነኝ» አለ።

ድሃው ገበሬ በሬዎቹን አቆመ። ቀንበሩን ከፍ አድርጎ፣ በቀኙ በሬ ጫንቃ ላይ ጠጉር ያላበቀለውን ጠባሳ አሳየው።

«አንተ የጀመርክለት ይኸ ነው» አለና እርሻውን ቀጠለ።

አቶ አበጀ ታሪኩን እዚህ ላይ ጨረሰ። ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድባል። ትብለጥ ወረቀቱን ከቦርሳዋ አወጣች።

«እኔ ግን በሬ አይደለሁም አባዬ።»

«አይደለሽም» አለ። «በሬን ይገርፉታል እንጂ፣ የተገረፍኩት በራሴ ጥፋት ነው ብለህ ፈርም አይሉትም።»

ከዚያ ፊቱን ወደ እሷ አዞረ። ድምፁ እንዲህ ሲወፍር ሰምታው አታውቅም።

«ባለጠጋው ያንቺ ድርጅት ነው። ቀዩ በሬ ማሽኑ ነው፤ ማሽኑን አልጠላውም፣ ቀዩ በሬ ምን አጠፋ? ሲያመጡት ከማን ጋር እንደሚጠመድ ያልጠየቁት እነሱ ናቸው። ያ የታክሲ ሰልፍ ደረቁ ዋልካ ነው። የቀን ሥራ ሳይቀንስልሽ፣ የሚያውቅ ሰው አጠገብሽ ሳያቆም፣ በደከመሽ ሰዓት ስልክሽ ላይ ቪዲዮ ልኮ በይ ተማሪ ያለሽ ሰው፣ እሱ አስተማርኩ ይላል? አምስት ዓመት ያረሱብሽን ሦስት ቀን ገርፈው አትማርም አሉሽ። አንቺ መማር አላቃተሽም። ያስተማረሽ የለም።» ትንሽ ተነፈሰ። «ግራውን እንደያዝኩ እኖራለሁ ብትይኝም ግን አልሰማሽም። ቀኙን ትማሪያለሽ። የሚያስተምር ሰው አለ?»

«አለች። ፈተናውን ካለፉት ከሦስቱ አንዷ፣ ጽጌ የምትባል፣ በደንብ ላሳያችሁ ብላናለች። ግን ስድስት ወር ይፈጃል አለች። ያለ ደመወዝ ስድስት ወር እንዴት...»

«ወረቀቱን ገልብጪው» አላት። «ጀርባው ላይ የሆነውን ጻፊ። እንዳትፈርሚ።»

ትብለጥ ወረቀቱን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ጻፈች። አባቷ ተቀብሎ ጣቱን በየፊደሉ ላይ እያስኬደ ቀስ ብሎ አነበበው። «አሠልጣኝ አልተመደበልኝም። የመማሪያ ሰዓት አልተሰጠኝም። በፈቃዴ አልለቀቅሁም።»

«ማስረጃውን ቢከለክሉኝስ?»

«አምስት ዓመት ሠርተሻል፤ ያየሽ ሰው ሞልቷል። ደግሞ ብቻሽን አትሂጂ። ከወደቁት ጋር አሥራ አምስት ሆናችሁ ግቡ፤ ሁሉም የሆነውን ይጻፍ።»

በማግስቱ እሑድ ጠዋት ተነሥቶ ጎተራውን ከፈተ። ለዘር ያስቀመጠውን አልነካም። ለቤቱ ቀለብ ካስቀመጠው ጤፍ ለልጁ የስድስት ወር ስንቅ ግማሽ ኩንታል ሰፈረ። ሚስቱ ከበር ቆማ፣ «እኛስ ምን ልንበላ ነው?» አለችው።

«በቆሎ» አለ።

ጆንያውን ትናንት በጠገነው የቀንበር ጠፍር አሰረ፤ ዝናቡ እስኪያባራ በሬ ስለማይጠምድ ጠፍሩን አይፈልገውም። ወረቀቱን በላስቲክ ጠቅልሎ ለልጁ ሰጣት። ጤፉን አህያ ላይ ጫነና፣ ጭቃውን እያቋረጠ ከፊት ከፊቷ ወደ መኪናው መንገድ ወጣ።