ነጭ ፈረስ የነበረው ሰው

አንድ ሀብታም ሰው ነበረ። ቅዱስ ጊዮርጊስን እወዳለሁ ይል ነበር፤ መውደዱም እውነት ነው። ሥዕሉ ላይ ሰማዕቱ በነጭ ፈረስ ስለ ተቀመጠ እሱም ነጭ ፈረስ ገዛ። ጦሩንም እንደ ሥዕሉ አስረዝሞ አሠራ። ሥዕሉ ላይ ፂም የለምና በየዓመቱ ለሚያዝያ ሃያ ሦስት ፂሙን ሙልጭ አድርጎ ይላጫል። ሚስቱ «እስኪበቅል ድረስ እንግዳ ሰው ቤቴ የገባ ይመስለኛል» ትለው ነበር።

አንድ ዓመት በንግሡ ዕለት፣ እንደ ልማዱ ከታቦቱ ርቆ ከሕዝቡ ፊት ፊት ይጋልባል። እልልታው ለእሱም ትንሽ የሚደርሰው መስሎት ደረቱን ነፍቷል። መንደሩ ዳር ሲደርስ አንዲት ሸክላ ሠሪ ከጎጆዋ ሮጣ ወጥታ መንገዱ ላይ ቆመች።

«ጌታዬ፣ እባብ ቤቴ ገብቷል። ልጄ ውስጥ ተኝቷል። ጦር ይዘዋል፣ ይድረሱልኝ።»

ሰውየው ጦሩን ቀና ብሎ አየ። ጫፉ ላይ የሐር መሐረብ ታስሮበታል። እባብ ደግሞ ከልጅነቱ ጀምሮ ይፈራል። «እኅቴ፣ ዛሬ እኮ በዓሉ ነው» አላት። «በጊዮርጊስ ቀን ደም አላፈስም።»

ሴትዮዋ ወደ ጎጆዋ ተመለሰች። ከደጃፏ ዘነዘና አንሥታ ገባች። ዱብ ሲል ተሰማ፤ ደገመች። ከዚያ ልጇን በአንድ ክንዷ ታቅፋ፣ የሞተውን እባብ በዘነዘናው ጫፍ አንጠልጥላ ወጣች። ፈረሱ ይህን ሲያይ በኋላ እግሩ ቆመ፤ ሰውየውም የሸክላ ጭቃ ከምታቦካበት ጉድጓድ ውስጥ ተዘረረ።

እባቡን ጥላ ዘነዘናውን ዘረጋችለት፤ እሱን ይዞ ወጣ። ከቅንድቡ በታች ሁሉ ጭቃ ነው።

«ፈረሱን ያዥው» አላት አንገቱን ደፍቶ። «ዛሬ ከፊት መሄድ ያለብሽ አንቺ ነሽ።»

«ፈረስ አልችልም» አለችው። «ይልቅ እጄን እስክታጠብ ልጁን ይያዙልኝ።»

ያዘላት። ታቦቱ ሲያልፍ ሰውየው ልጅ ታቅፎ መንገዱ ዳር ቆሞ ነበር። ከጭቃው የተነሣ ማን እንደ ሆነ የለየው የለም፤ ሚስቱ እንኳ «የማን አባት ይሆን?» ብላ አልፋለች። እሱ ግን ሕፃኑ እንዳይነቃ ሲጠነቀቅ እልልታውንም ልብ አላለው።

አንተም ልጄ፣ «ለጊዮርጊስ የተሳልኩትን ጥላ በወርቅ ላስጠልፈው ወይስ በብር?» ብለህ እኔን የንስሐ አባትህን ጠየቅኸኝ። በወደድከው አስጠልፈው። ያ ሰው ስንት ዓመት ሲጋልብ ሰማዕቱን የመሰለ መስሎት ነበር፤ ጥቂት የመሰለው ግን ከፈረሱ ወድቆ የሰው ልጅ የያዘ ዕለት ነው። የጎረቤትህ የእማሆይ ጣራ ያፈስሳል፤ ክረምቱም እየመጣ ነው። መጀመሪያ እሱን ክደን፤ ጥላውን ከዚያ በኋላ ይዘህልኝ ና።